ስኳር የለበሰ ኦቾሎኒ በቤት ውስጥ፦ ስኳሩ አሸዋ ሲመስል እሳቱን አታጥፉ

ስኳር የለበሰ ኦቾሎኒ ሞክሮ ያልተሳካለት ሰው ከሁለት ቅሬታዎች አንዱን ያነሳል። ወይ «ስኳሩ ደርቆ ነጭ አሸዋ ሆነብኝ» ይላል፤ ወይ ደግሞ «ላዩ አረረ፣ ውስጡ ጥሬ ቀረ»። የመጀመሪያው ጭራሽ ጥፋት አይደለም። ስኳሩ አሸዋ መምሰሉ የሥራው አጋማሽ ነው፤ ብዙ ሰው ግን እዚያ ላይ ይደነግጥና ውሃ ይጨምራል፣ ወይም ተበላሸ ብሎ ያወርደዋል። ሁለተኛው የእሳት አያያዝ ጉዳይ ነው፤ እሱም ይስተካከላል።

መመሪያውን ከመጀመራችሁ በፊት እስከ መጨረሻው አንብቡት። ድስቱ እሳት ላይ ከወጣ በኋላ ስልክ ገልጦ ለማንበብ የሚተርፍ እጅም ጊዜም የለም።

1. ኦቾሎኒውን ምረጡና ልቀሙ

ጥሬውን ግዙ። በዚህ አሠራር ኦቾሎኒው የሚበስለው እዚያው ስኳሩ ውስጥ ስለሆነ፣ ቀድሞ የተቆላ ከሆነ ስኳሩ ከመድረሱ በፊት ያርራል። መንገድ ላይ እየተሰፈረ የሚሸጠው አብዛኛውን ጊዜ የተቆላ ነው፤ ጨው የነካውም ይኖራል። እዚህ ጎንደር አራዳም ሆነ ቅዳሜ ገበያ ስትገዙ «ጥሬ ነው?» ብላችሁ ጠይቁ፣ ከዚያም አንድ ፍሬ አኝኩ። ጥሬው ለስለስ ይላል፣ የጥራጥሬ ጣዕም አለው። የተቆላው ቀጭ ብሎ ይሰበራል።

ግማሽ ኪሎ ግዙና ሰፌድ ላይ አድርጋችሁ በቀን ብርሃን ልቀሙት። የተጨማደደ፣ የጠቆረ፣ የተቦረቦረ፣ አረንጓዴ ወይም ግራጫ ሻጋታ የታየበት ሁሉ ይውጣ። ይህን ለውበት ብቻ አትዩት። በሻገተ ኦቾሎኒ ላይ አፍላቶክሲን የሚባል ጉበት የሚጎዳ መርዝ ይፈጠራል፤ መርዙ በመቁላት ተሟጦ አይጠፋም፣ የስኳር ጣፋጭነት ደግሞ መራራውን ፍሬ ይደብቀዋል። ከረጢቱ በሙሉ እርጥበት እርጥበት ከሸተተ ባትገዙት ይሻላል።

ቀዩን ስስ ልጣጭ አትላጡ፤ ስኳሩ የሚይዘው እሱ ላይ ነው። ለሁለት የተከፈለውንና የደቀቀውን ግን ለዩት፤ ሙሉው ሳይበስል ስለሚያርር ድስቱን በሙሉ ያመርረዋል። አትጠቡት። አቧራው የግድ ካሳጠባችሁ ግን አጥባችሁ ፀሐይ ላይ በደንብ እስኪደርቅ ድረስ ሌላ ሥራ ሥሩ።

2. ልኩን ያዙ

በአንድ ዓይነት የውሃ ብርጭቆ ስፈሩ፦

ጥሬ ኦቾሎኒ 3 ብርጭቆ
ስኳር 1 ብርጭቆ ከሩብ
ውሃ ግማሽ ብርጭቆ
ጨው የሻይ ማንኪያ ሩብ

ሚዛን ያለው 450 ግራም ኦቾሎኒ፣ 260 ግራም ስኳርና 125 ሚሊ ሊትር ውሃ ይያዝ። ግማሽ ኪሎ ገዝታችሁ ከለቀማችሁ በኋላ የሚቀረው ከዚህ ብዙ አይርቅም።

ከሱቅ የሚገዛው የተለመደው ስኳር፣ ወደ ቡናማ የሚያደላውም ቢሆን ይሠራል፤ አረፋው ትንሽ ይበዛል እንጂ ችግር የለውም። የኬክ ዱቄት ስኳር ግን አይሆንም፤ እንዳይጓጉል ተብሎ ስታርች ይቀላቀልበታል።

ማርና ሎሚ ከአጠገባችሁ አርቁ። ማር ለጣዕም፣ ሎሚ ስኳሩ እንዳይደርቅ ተብለው በየቪዲዮው ይታዘዛሉ። እኛ ግን የምንፈልገው ስኳሩ እንዲደርቅልን ነው። ሁለቱም ስኳሩ ወደ ቅንጣትነቱ እንዳይመለስ ስለሚያግዱት የሚተርፋችሁ የሚያጣብቅ ሙጫ ነው።

ቀረፋ ወይም ኮረሪማ የሚወድ ግማሽ የሻይ ማንኪያ፣ በደንብ የደቀቀ፣ ለብቻው ያዘጋጅ። ሰሊጥ ያለው ሁለት የሾርባ ማንኪያ ይያዝ። የመተማ ሰሊጥ በደጃችን እያለ ያለ ሰሊጥ መሥራት ለእኔ ብክነት ነው።

3. ዕቃውንና እሳቱን አሰናዱ

ድስቱ ወፍራም ታች ያለው፣ ሰፊና ዝቅ ያለ ይሁን። ቡና የሚቆላበት የብረት ምጣድ ጠርዙ ከፍ ካለ ጥሩ ነው። ስስ የአሉሚኒየም ድስት እሳቱን አንድ ቦታ ላይ ስለሚያከማች ስኳሩ መሐሉ ላይ ያርርና ዳሩ ገና ፈሳሽ ይሆናል። ኦቾሎኒው ከሁለት ድርብ በላይ ከተደራረበ ድስቱ ጠቧል ማለት ነው፤ ግማሽ ግማሹን በሁለት ዙር ሥሩት።

ማማሰያው ረጅም እጀታ ያለው የእንጨት ይሁን። ብረት እጅ ይፈጃል፣ ፕላስቲክ ይቀልጣል።

ትሪ አዘጋጁና በዳቦ መጋገሪያ ወረቀት አንጥፉት፤ ወረቀት ከሌለ ዘይት በስሱ ቀቡት። ቅቤ ከቀባችሁ ለጾም አይሆንም። ኮባ ለዳቦ እንጂ ለዚህ አይረባም፤ ከቅጠሉ የሚወጣው እርጥበት ስኳሩን መልሶ ያላላዋል። ሰፌድ ላይም አትገልብጡ፤ ስኳሩ ከአክርማው ጋር ተጣብቆ ሰፌዱንም ኦቾሎኒውንም ታጣላችሁ።

በከሰል ለምትሠሩ፦ ፍሙ በደንብ ይቀጣጠል፣ ጭሱ ይለቅ፣ ከዚያ ድስቱን ጣዱ። አንድ ማንኪያና ጥቂት አመድ አጠገባችሁ ይኑር። እሳት ለመቀነስ ፍሙን አመድ ታለብሱታላችሁ፤ ለመጨመር አመዱን ታራግፋላችሁ። በር ወይም መስኮት ይከፈት፤ ማንደጃን በተዘጋ ክፍል ውስጥ ማንደድ ይገድላል።

በኤሌክትሪክ ምድጃ ለምትሠሩ፦ ማጥፊያውን ብትጠመዝዙትም ምድጃው ወዲያው አይበርድም። እሳት ቀንሱ የሚል ቦታ ላይ ስትደርሱ ድስቱን አንሡት። ማጥፊያውን ብቻ አትመኑ።

ስለ ሙቀት መለኪያ አንድ ነገር። ጎንደር ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,100 ሜትር ያላነሰ ከፍታ ላይ ስለሆነች ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ93 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ነው። የስኳር ውሃ 115 ዲግሪ ይድረስ የሚል የውጭ አሠራር እዚህ 108 አካባቢ ላይ ይደርሳል። ቁጥሩን እየጠበቀ ያለ ሰው ድስቱ አልፎበት ይሄዳል። ውሃው ካለቀ በኋላ ግን ደረቁ ስኳር የሚቀልጥበት ሙቀት እዚህም ባሕር ዳርም ጅቡቲም ያው ነው። መለኪያ ከሌላችሁ አትግዙ፤ ዓይን፣ ጆሮና አፍንጫ ይበቃሉ።

4. ስለ ቃጠሎ፣ ድስቱ ከመጣዱ በፊት

የቀለጠ ስኳር ከፈላ ውሃ እጅግ ይበልጣል፤ ከ160 ዲግሪ በላይ ይሄዳል፣ ቆዳ ላይም ይጣበቃል። ልጆች ከማድ ቤት ይውጡ። ነጠላና ጋቢ ይውለቁ፣ እጅጌ ይሰብሰብ። እንዴት ሆነ ብላችሁ በጣት አትቅመሱ፤ ወጥ የለመደ እጅ ይቸኩላል።

ቧንቧው ስለማይታመን አንድ ጀሪካን ንጹሕ ቀዝቃዛ ውሃ ቀድማችሁ አስቀምጡ። ስኳር እጅ ላይ ካረፈ ወዲያውኑ ውሃ እያፈሰሳችሁበት 20 ደቂቃ ያህል አቆዩት። የተጣበቀውን ስኳር አትንቀሉ፤ ከቆዳ ጋር ይነሳል። ውሃው ራሱ ያሟሟዋል። ቅቤ፣ ሊጥ፣ የጥርስ ሳሙና፣ እንቁላል አይቀባም። ቦታው ከመዳፍ ከሰፋ፣ ወይም ፊት ወይም ዓይን ከነካ ወደ ጤና ተቋም ሂዱ።

5. ማፍላት

ስኳሩን፣ ውሃውን፣ ጨውንና ኦቾሎኒውን ሁሉ በአንድ ላይ ድስቱ ውስጥ ጨምሩ። አዎ፣ ኦቾሎኒውም ከመጀመሪያው ይገባል። በመካከለኛ እሳት ጣዱትና ስኳሩ እስኪሟሟ እያማሰላችሁ ጠብቁ።

ሲፈላ መጀመሪያ የሚታየው ትልልቅ፣ ቶሎ ቶሎ የሚፈነዳ አረፋ ነው። ውሃው ገና ብዙ ነው፤ አልፎ አልፎ ማማሰል ይበቃል። ከጥቂት ደቂቃዎች በኋላ አረፋው ትንንሽና ዝግተኛ ይሆናል፣ ፈሳሹም ወፍሮ ኦቾሎኒው ላይ መንጠልጠል ይጀምራል። ከዚህ በኋላ ማማሰያው ከእጃችሁ አይለይ።

በዚህ ደረጃ መብራት ቢጠፋ አትጨነቁ። ድስቱን ክዳን ሳትገጥሙ አቆዩት፤ መብራት ሲመጣ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ውሃ ጨምራችሁ ከፈላበት ቀጥሉ። ድስቱን ከጣዳችሁ በኋላ ውሃ መጨመር የሚፈቀደው እዚህ ብቻ ነው።

6. አሸዋው

እሳቱን ወደ ዝቅተኛ አውርዱና ሳታቋርጡ አማስሉ፤ ከታች ወደ ላይ እየገለበጣችሁ፣ የድስቱን ዳር እየጠረጋችሁ። ፈሳሹ ይደፈርሳል፣ ወተትማ ይሆናል፣ ማማሰያው ይከብዳል። ከዚያ ባላሰባችሁት ቅጽበት፣ አንዳንዴ ከአንድ ደቂቃ ባነሰ ጊዜ፣ ሁሉም ነገር ደርቆ ኦቾሎኒው ነጭ ሸካራ ልብስ ይለብሳል፤ የተረፈው ስኳር ታች አሸዋ ሆኖ ይቀመጣል።

ሰው የሚያጠፋው እዚህ ነው። ውሃው ተንኖ አልቋል፣ ስኳሩም በማማሰሉ ምክንያት ወደ ቅንጣትነቱ ተመልሷል፤ የሆነው ይኼው ብቻ ነው። ውሃ አትጨምሩ። ውሃ ብትጨምሩ ወደ ደረጃ 5 ትመለሳላችሁ፤ ኦቾሎኒው ግን አብሯችሁ አይመለስም፣ ሁለተኛ ሲቀቀል ልጣጩ ይላቀቅና ይላሽቃል። ዘይትም አትጨምሩ። እሳቱንም አታጥፉ።

ካልደረቀስ? ብዙ አማስላችሁ አሁንም ፈሳሽና የሚያጣብቅ ከሆነ፣ ቀለሙም ወደ ቢጫ እየሄደ ከሆነ፣ እሳቱ በዝቷል ወይም ማማሰሉ አንሷል። ድስቱን ከእሳት አውርዱ፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ ደረቅ ስኳር በትኑበትና በጉልበት አማስሉ። የተበተነው ደረቅ ቅንጣት ሌላውን ይጠራዋል፤ አብዛኛውን ጊዜ በአንድ ሁለት ደቂቃ ይደርቃል። ቀለሙ ከወርቃማ አልፎ ቡናማ ከሆነ ግን አሸዋውን መጠበቅ ትታችሁ በቀጥታ ወደ ደረጃ 8 እለፉ። ልብሱ ጠንካራና ልሙጥ ይሆናል፣ ቢበላም አያሳፍርም።

እዚህ ላይ ማቆም ይቻላል? ስኳሩ በቂ ነው፣ ኦቾሎኒው ግን ገና ግማሽ ጥሬ ነው። ማቆም የሚያስገድድ ነገር ከመጣ፣ ለምሳሌ መብራት ከጠፋ፣ ድስቱን እንዳለ አስቀምጡት። ደረቅ ስለሆነ አይበላሽም፤ በኋላ ያለ ምንም ጭማሪ ከዚሁ ትቀጥላላችሁ።

7. አሸዋውን መልሶ ማቅለጥ

አሁን ትዕግሥት የሚጠይቀው ክፍል ነው። እሳቱ ዝቅተኛ ይሁን፤ ከሰል ከሆነ አመድ የለበሰ ፍም። ሳታቋርጡ አማስሉ፣ የታችኛውን ወደ ላይ አምጡት። መጀመሪያ ምንም የተለወጠ አይመስልም። እሳት አነሰ ብላችሁ አትጨምሩ፤ ያ «ላዩ አረረ፣ ውስጡ ጥሬ» የሚባለው ችግር የሚወለደው ከዚህች ችኮላ ነው።

ከዚያ ድስቱ ታች የተቀመጠው አሸዋ ዳር ዳሩ መቅለጥ ይጀምራል። ኦቾሎኒውን በቀለጠው ላይ እያንከባለላችሁ አልብሱት። ነጩ ልብስ በየቦታው ቡናማና የሚያብለጨልጭ ነጠብጣብ ያወጣል፣ ኦቾሎኒው ጠሽ ጠሽ ይላል፣ የቆሎ ሽታ ይመጣል። ጭስ ካያችሁ ግን ወዲያው ድስቱን ከእሳት አንሡ፣ በአየር ላይ ይዛችሁ አማስሉ፣ ጭሱ ሲቆም መልሱት። በሥራው መካከል ድስቱን ሦስት አራት ጊዜ ማንሳት ነውር የለውም፤ እንዲያውም በኤሌክትሪክ ምድጃ ያለዚያ አይሆንም።

መድረሱን እንዲህ እወቁ፦ አንድ ፍሬ በማንኪያ አውጡ፣ ሳህን ላይ አስቀምጡ፣ አንድ ደቂቃ ያህል ይቀዝቅዝ፣ ከዚያ ለሁለት ክፈሉት። ውስጡ ነጭ ከሆነ ይቀጥል። ክሬም መስሎ ትንሽ ወርቃማ ካለው ደርሷል። ውስጡ ቡናማ እስኪሆን አትጠብቁ፤ ከድስቱ ከወጣ በኋላም በራሱ ሙቀት መብሰሉን አያቆምም።

ልብሱ ሁሉ መስታወት እስኪሆን ማቅለጥም የለባችሁም። እኔ ግማሹ ሸካራ፣ ግማሹ የሚያብለጨልጭ ሲሆን አወርደዋለሁ፤ ጥርስ ላይ ቀለል ይላል፣ እርስ በርሱም አይጣበቅም። ሙሉ በሙሉ የቀለጠ ውብ ነው፣ ግን ከአንዱ ደቂቃ እስከ ሌላው ያርራል፣ በክረምትም ቶሎ ያልበዋል።

ቀረፋውን ወይም ኮረሪማውን፣ ሰሊጡንም ጭምር፣ ልታወርዱ ግማሽ ደቂቃ ሲቀር ጨምሩና አገላብጡ። ቀድሞ የገባ ሰሊጥ ይመርራል፣ ቅመሙም ሽታው ይጠፋል። ሚጥሚጣ የሚነሰንስ ሰው አለ፤ ከእሳት ከወረደ በኋላ ብቻ ይሁን፣ እሳት ላይ ካረፈ ቤቱን ሁሉ በሳል ያስወጣል።

8. መዘርጋትና መለያየት

ወዲያው ትሪው ላይ ገልብጡ። በማማሰያው ዘርጉት፣ ከዚያ በሁለት ሹካ የተያያዘውን ለያዩ። ይህ ሥራ ሁለት ሦስት ደቂቃ ብቻ ይሰጣችኋል፤ ስለዚህ ሹካዎቹ ቀድመው ትሪው አጠገብ ይጠብቁ። በእጅ አትለያዩ።

በአንድ ላይ ተጋግሮ ከቀዘቀዘ በሙቀጫ ዘነዘና መምታት ፍሬውን ይሰባብረዋል። መልሳችሁ ድስቱ ውስጥ በጣም ዝቅተኛ እሳት ላይ አለሳልሱትና እንደገና ዘርጉት።

ትሪው ላይ ክፍት ሆኖ እስኪቀዘቅዝ ተዉት፤ ግማሽ ሰዓት ያህል ይበቃዋል። ትኩስ ሳለ ለስላሳ ስለሆነ «አልደረቀም» ብላችሁ ወደ እሳት አትመልሱት። ቀጭ የሚለው ሲቀዘቅዝ ነው።

ከቀዘቀዘ በኋላ ስትቀምሱት ልብሱ ጥሩ ሆኖ ውስጡ ጥሬ ጥሬ ካለ፣ ኦቨን ያለው በ150 ዲግሪ 10 ደቂቃ ያህል ትሪው ላይ እንዳለ ያቆየው። ኦቨን የሌለው ድስቱ ውስጥ አመድ በለበሰ ፍም እያገላበጠ ያሙቀው። ያረረውን ግን የሚያድነው የለም። የጠቆረውን ለቅማችሁ ጣሉ፤ ተጨማሪ ስኳር መነስነስ መራራነቱን አይሸፍነውም።

9. የተቆላ ኦቾሎኒ ብቻ ካገኛችሁ

ጨው ያልነካው ከሆነ ይቻላል፣ ግን ቅደም ተከተሉ ይለወጣል። ስኳሩንና ውሃውን ለብቻ አፍሉ። ሲወፍር ጠብታ ቀዝቃዛ ውሃ ባለበት ሲኒ ውስጥ ጣሉ፤ ጠብታው ተበትኖ ካልቀረና በጣት ሲሰበሰብ ለስላሳ ክብ ከሆነ የተቆላውን ኦቾሎኒ ያን ጊዜ ጨምሩ። ከእሳት አውርዳችሁ አሸዋ እስኪሆን አማስሉ፤ እዚያው አቁሙ። ደረጃ 7ን አትሞክሩ፣ የተቆላ ሁለተኛ አይቆላም። በዚሁ መንገድ የሽምብራ ቆሎም ይለብሳል። ጥሬ አልመንድ በዋናው አሠራር ይሠራል፤ ካሹ ግን ስለሚሰበር ማማሰሉ ቀለል ይበል።

10. ማስቀመጥ

በደንብ ሳይቀዘቅዝ አትክደኑ። ትኩሱ የሚያወጣው እንፋሎት ክዳኑ ላይ ውሃ ሆኖ ተመልሶ ይንጠባጠባል፤ በማግስቱ የሚያጣብቅ ኦቾሎኒ ያገኛችሁ ሰዎች ምክንያቱ በአብዛኛው ይሄ ነው። ደረቅ፣ ክዳኑ የሚገጥም የብርጭቆ ዕቃ ውስጥ አድርጉ። ፌስታል አየር ያስገባል። ፍሪጅ ውስጥም አታስገቡ፤ ሲወጣ ያልበዋል።

በበጋ ሁለት ሦስት ሳምንት ይቆያል። ከሰኔ እስከ መስከረም ስኳሩ ከአየሩ እርጥበት ስለሚስብ ትንሽ ትንሽ ሥሩና በቀናት ውስጥ ጨርሱት፤ ለጥምቀት እንግዳ የሚሠራ ግን የጥር አየር ደረቅ ስለሆነ ከበዓሉ ሳምንት ቀድሞ ቢሠራ አይጎዳም። ካላበው፣ ግን ካልተበላሸ፣ በዝቅተኛ እሳት አሙቃችሁ ዘርግታችሁ አቀዝቅዙት። የቆየ ዘይት ከሸተተ ግን ቅባቱ ተበላሽቷል፤ ይጣል።

ለቡና ቁርስ ስታቀርቡ ሁለት ነገር ጠይቁ። ኦቾሎኒ የማይስማማው ሰው አለ ወይ? ለአንዳንዱ ጥቂቱም አደገኛ ነው። ሕፃናትስ አሉ? ከአምስት ዓመት በታች ላለ ልጅ ጠንካራ ሙሉ ፍሬ አይሰጥም፤ ጉሮሮ ላይ ይቀራል።

11. ድስቱ

በቢላ አትፋቁት። ውሃ ሞልታችሁ አፍሉት፤ የተጣበቀው ስኳር ራሱ ይሟሟል። ሁለተኛ ዙር የምትሠሩ ከሆነም ይህን ሳታደርጉ አትጀምሩ፤ ታች የቀረው ቡናማ ስኳር አዲሱ ሳይፈላ ቀድሞ ያርርና የሁለተኛውን ድስት ጣዕም ይዞ ይሄዳል። ካላረረ ድስቱ ውስጥ የተረፈውን አሸዋ ከማጠባችሁ በፊት አራግፋችሁ ለሻይ ማስቀመጥ ይቻላል።